ነፋስ የሚያንቀሳቅሰው ቅርጽ፦ ስለ ኪነቲክ ሥነ ጥበብ የአንባቢያን ጥያቄዎችና መልሶች

በዚህ እትም ያስተናገድናቸው ጥያቄዎች ሁሉ የሚያጠነጥኑት በአንድ ጉዳይ ዙሪያ ነው፤ እርሱም በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የተወለደውና እንቅስቃሴን ራሱን እንደ ድንጋይ፣ እንደ እንጨት ወይም እንደ ቀለም የሥራው ቁስ ያደረገው ኪነቲክ ሥነ ጥበብ ነው። የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ የምኖረው በዋሽንግተን ዲሲ አካባቢ ነው። በቅርቡ ከአገር ቤት የመጡትን እናቴን ወደ ብሔራዊው የሥነ ጥበብ ጋለሪ ምሥራቃዊ ሕንፃ ይዣቸው ሄጄ ነበር። ከጣሪያው የተንጠለጠለውን፣ ቀይና ጥቁር ክንፎች ያሉትን ግዙፍ ነገር ሲያዩ «ይህን ማን ነው የሚያንቀሳቅሰው?» ብለው ጠየቁኝ፤ እኔም መልስ አጣሁ። በውስጡ ሞተር አለው? ለምንስ እንደ ትልቅ ሥራ ይቆጠራል?

መልስ፦ የእናትዎ ጥያቄ የዚህን ጥበብ እምብርት የሚነካ ነው። ሞተር የለውም፤ የሚያንቀሳቅሰው በአዳራሹ ውስጥ የሚመላለሰው አየር ብቻ ነው። ከዳር እስከ ዳር 23 ሜትር፣ ከላይ እስከ ታች 9 ሜትር ያህል ሆኖ ክብደቱ ግን 420 ኪሎ ገደማ ብቻ ስለ ሆነ፣ ሰው ፊቱ ላይ የማይሰማው የአየር ንፋት ሊያዞረው ይችላል። የሠራው አሜሪካዊው ቀራጺ አሌክሳንደር ካልደር ሲሆን፣ እርሱ በ1976 ሲሞት ሥራው ገና አልተሰቀለም ነበር፤ የተሰቀለው በዓመቱ በ1977 ነው።

ካልደር የተወለደው በ1898 ነው፤ አያቱም አባቱም ቀራጺዎች ነበሩ። በፊላደልፊያ ማዘጋጃ ቤት አናት ላይ የቆመው የዊልያም ፔን ሐውልት የአያቱ የእጅ ሥራ ነው። እርሱ ግን መጀመሪያ ያጠናው ሜካኒካል ምሕንድስና ነበር፤ በ1919 ከስቲቨንስ የቴክኖሎጂ ተቋም ተመርቆ ጥቂት ዓመታት በልዩ ልዩ ሥራዎች ተሰማርቷል። በ1922 በመርከብ ላይ የእሳት ክፍል ሠራተኛ ሆኖ ሲጓዝ፣ ከጓቲማላ ጠረፍ ወዲያ ባሕሩ ጸጥ ባለበት ንጋት፣ በመርከቡ ወለል ላይ ከተኛበት ሲነቃ በአንድ ወገን እሳት የመሰለች ፀሐይ ስትወጣ፣ በሌላው ወገን ደግሞ ብር የመሰለች ጨረቃ ሰማዩ ላይ ሆና አየ። ይህ ትዕይንት ዕድሜውን ሙሉ አልተለየውም። በኋላ በሥራዎቹ ውስጥ የምናያቸው በየራሳቸው መንገድ የሚዞሩ ክቦች ከየት እንደ መጡ ለሚጠይቅ ሰው፣ ከዚህ የተሻለ መነሻ የለም ብዬ አምናለሁ።

ወሳኙ ቀን ግን የመጣው በ1930 በፓሪስ ነው። ካልደር በዚያ ዓመት የሆላንዳዊውን ሠዓሊ የፒየት ሞንድሪያንን የሥራ ክፍል ጎበኘ። ብርሃን ከግራና ከቀኝ ይገባበት የነበረው ይህ ክፍል በሁለቱ መስኮቶች መካከል ባለው ግድግዳ ላይ ባለ ቀለም የካርቶን አራት ማዕዘኖች የተሰኩበት ነበር። ካልደርም እነዚህ አራት ማዕዘኖች ቢወዛወዙ ደስ አይልም ወይ ሲል፣ ሞንድሪያን ኮስተር ብሎ አያስፈልግም፣ የእኔ ሥዕል እንደ ሆነ ቀድሞውንም በጣም ፈጣን ነው የሚል መልስ ሰጠው። ካልደር ግን ሐሳቡን አልተወውም። በሚቀጥለው ዓመት በእጅ ማንሻና በትንንሽ ሞተሮች የሚንቀሳቀሱ ሥራዎችን ሠራ፤ እነርሱን ያየው ፈረንሳዊው ማርሴል ዱሻም «ሞባይል» የሚል ስም አወጣላቸው። ቃሉ በፈረንሳይኛ ተንቀሳቃሽ ማለት ብቻ ሳይሆን ሰውን ለድርጊት የሚያነሣሣ ምክንያት ማለትም ነው፤ ስለዚህ ስሙ ቅኔ እንደ ለመደ ጆሮ ሰምና ወርቅ አለው።

ካልደር ብዙም ሳይቆይ ሞተሩን ትቶ ወደ ነፋስ ፊቱን አዞረ፤ ምክንያቱም በሞተር የሚዞር ነገር ዙሩን ከጨረሰ በኋላ ያንኑ ይደግማል፣ ተመልካቹም አንድ ጊዜ ካየው ቀጥሎ የሚመጣውን ያውቀዋል። በአየር የሚሄደው ግን አንዱን አቀማመጥ ሁለት ጊዜ መድገሙ ዘበት ነው። በዋሽንግተኑ ሥራ ላይ ችግር የተፈጠረው በዚሁ ነጥብ ነው። ቅርጹ በዚያ መጠን ከብረት ቢሠራ ክብደቱ ከ2 ቶን በላይ ስለሚሆን፣ ያለ ሞተር ንቅንቅ እንደማይል ታወቀ። ያን ጊዜ ፖል ማቲስ የተባለ ባለ ሙያ፣ ውስጡ እንደ ማር እንጀራ በተቦረቦረ አሉሚኒየም ሊሠራው እንደሚችል ሐሳብ አቀረበ፤ በዚህም ክብደቱ ወደ አምስተኛው ገደማ ወርዶ ሥራው ለአየር የተተወ ሆነ። ፖል ማቲስ የታላቁ ሠዓሊ የሄንሪ ማቲስ የልጅ ልጅ ሲሆን፣ እናቱ ማርሴል ዱሻምን ስላገባች ለሞባይል ስም ያወጣው ሰው እንጀራ አባቱ ነበር።

እናትዎን እንደ ገና ይዘዋቸው ይሂዱ፤ መግቢያው በነፃ ነው። ከሥር ቆሞ ማንጋጠጥ አንገት ያደክማል፤ ወደ ላይኛው ፎቅ ወጥታችሁ ከጎኑ ተመልከቱት። ከክንፎቹ አንዱን ብቻ ይምረጡና ጫፉን ከበስተጀርባው ካለው የግድግዳ ጠርዝ ጋር ያስተያዩ። መጀመሪያ የቆመ ይመስላል፤ ትንሽ ሲቆዩ ጠርዙን አልፎ ሲሄድ ያገኙታል፤ ከዚያ በኋላ የአንዱ መዞር ለሌላው እንዴት እንደሚተላለፍ፣ የታችኛው ፈጠን ሲል የላይኛው እንዴት ዘግየት ብሎ እንደሚከተለው ዓይን ራሱ እያየ ይማራል።

ጥያቄ፦ «ኪነቲክ» የሚለው ቃል ከእኛ «ኪነት» ጋር ዝምድና አለው? ይህ እንቅስቃሴስ መቼና በማን ተጀመረ? (ከባሕር ዳር)

መልስ፦ ሁለቱን ቃላት ያገናኛቸው የድምፅ መመሳሰል ብቻ ነው። የእኛ «ኪነት» የመጣው ከግእዙ «ኪን» ሲሆን፣ ትርጉሙ ጥበብ፣ የእጅ ሙያ ማለት ነው፤ ባለ ሙያውም በግእዝ «ኬንያ» ይባላል። «ኪነቲክ» ግን ከግሪክኛ የመጣና መንቀሳቀስን የሚያመለክት ቃል ነው። ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጦ «ኪነቲክ ኪነት» ማለት ግን ለአማርኛ አንባቢ ቃሉን ለማስታወስ ጥሩ መያዣ ነው።

መቼ ተጀመረ ለሚለው ብዙዎች የሚጠቅሱት ዱሻም በ1913 በበርጩማ ላይ የተከለውን የብስክሌት ጎማ ነው። እኔ ግን ቅድሚያውን የምሰጠው ለሩሲያዊው ለናውም ጋቦ ነው፤ ምክንያቱም ዱሻም ጎማውን የሠራው ሲዞር ማየት ደስ ስለሚለው ሲሆን፣ ጋቦ ግን የሚሠራውን ነገር ስምና መርሕ ሰጥቶታል። ጋቦና ወንድሙ አንቷን ፔቭስነር በነሐሴ 1920 በሞስኮ ባወጡት መግለጫ፣ ሥነ ጥበብ ለሺህ ዓመታት በቆመ ምት (ሪትም) ብቻ ሲመራ መኖሩን ተቃውመው፣ የዘመንን ስሜት የሚገልጸው ተንቀሳቃሽ ምት መሆኑን አወጁ። ጋቦ ለተማሪዎቹ ሐሳቡን በዓይን ለማሳየት የሠራው ነገር እጅግ ቀላል ነው፦ ቀጥ ብሎ የቆመ አንድ ቀጭን የብረት ዘንግ፣ ከሥሩም ከአሮጌ የኤሌክትሪክ ደወል የተገኘ ማንቀሳቀሻ። ጊዜው የእርስ በርስ ጦርነት ስለ ነበር በከተማው ዕቃ አይገኝም ነበር። ደወሉ ሲነካ ዘንጉ ይርገበገባል፤ ርግብግቢቱ በጣም ፈጣን ስለ ሆነ ዓይን ዘንጉን ማየት ያቆምና በምትኩ ወገቡ ጠበብ፣ ሆዱ ሰፋ ያለ፣ ብርሃን የሚያሳልፍ ቅርጽ በአየር ላይ ቆሞ ያያል። ማብሪያው ሲጠፋ ቅርጹ የለም፤ የቀረው ሽቦ ነው። ቁመቱ ከ60 ሳንቲ ሜትር እምብዛም የማያልፍ ነገር የሐውልትን ትርጉም እንዲህ መገልበጡ ዛሬም ያስደንቀኛል።

ከዚያ በኋላ ሃንጋሪያዊው ላስሎ ሞሆሊ ናጊ ለዓመታት የደከመበትን፣ የተቦረቦሩ ብረቶችና መስተዋቶች እየዞሩ ግድግዳውን በብርሃንና በጥላ የሚሞሉበትን መሣሪያ በ1930 በፓሪስ አሳየ። እነዚህ ሁሉ ግን የየግለሰቡ ሙከራዎች ነበሩ። እንደ አንድ የጋራ እንቅስቃሴ መታየት የጀመሩት በሚያዝያ 1955 በፓሪስ በዴኒዝ ሬኔ ጋለሪ «እንቅስቃሴ» በሚል ስም በተከፈተው ዐውደ ርእይ ነው። ካልደርና ዱሻም እንደ ታላላቆች፣ ያኮቭ አጋም፣ ፖል ቡሪ፣ ኼሱስ ራፋኤል ሶቶና ዣን ቲንግሊ እንደ ወጣቶች፣ ከቪክቶር ቫዛሬሊ ጋር በአንድ ጣሪያ ሥር የቀረቡት እዚያ ነው። በ1961 ደግሞ በአምስተርዳም የስቴደሊክ ሙዚየምና ቀጥሎ በስቶክሆልም የቀረበው ሰፊ ዐውደ ርእይ እንቅስቃሴውን ከጋለሪ አውጥቶ ለብዙ ሕዝብ አደረሰው።

ጥያቄ፦ የሥነ ጥበብ ተማሪ ነኝ። «ኦፕ አርት» የሚባለውና ኪነቲክ ሥነ ጥበብ አንድ ናቸው? የቫዛሬሊ ሥዕሎች ቆመው ሳለ የሚንቀሳቀሱ ይመስሉኛል። (ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ ዘመዳሞች ናቸው እንጂ አንድ አይደሉም። ኦፕ አርት የሚሠራው በጠፍጣፋ ገጽ ላይ ሆኖ፣ እንቅስቃሴው የሚፈጠረው በተመልካቹ ዓይን ውስጥ ነው፤ በ1965 በኒው ዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም የታየው ዐውደ ርእይ ዝናውን በዓለም አዳርሶታል። በኪነቲክ ሥነ ጥበብ ግን ዕቃው ራሱ ይንቀሳቀሳል።

በሁለቱ መካከል ደግሞ ሦስተኛ መንገድ አለ፤ ለእኔ እጅግ የሚማርከኝም እርሱ ነው። እዚህ ሥራው ይቆማል፣ የሚንቀሳቀሰው ሰውየው ነው። የቬኔዙዌላው ሶቶ ከ1967 ጀምሮ «ሰርጎ ገብ» ብለን ልንጠራቸው የምንችላቸውን ሥራዎች ሠርቷል፤ በብዙ መቶ የሚቆጠሩ ቀጫጭን የፕላስቲክ ክሮች ከላይ ይንጠለጠላሉ፣ ተመልካቹም ልክ ከፍ ያለ የማሽላ ማሳ ውስጥ እንደሚገባ ሰው በእጁ እየገለጠ መካከላቸው ይገባል። የአገሩ ሰው ካርሎስ ክሩዝ ዲየዝ ደግሞ በካራካስ አቅራቢያ ያለውን የማይኬቲያ አውሮፕላን ማረፊያ ወለልና ግድግዳ በ1970ዎቹ በረጃጅም ባለ ቀለም መስመሮች ሸፈነው። ተጓዡ ሲራመድ ቀለሞቹ እርስ በርሳቸው እየተዋሐዱ ሌላ ቀለም ይወልዳሉ። በቅርብ ዓመታት እጅግ ብዙ ቬኔዙዌላውያን አገራቸውን ጥለው ሲሰደዱ እግራቸውን በዚያ ወለል ላይ ፎቶ አንሥተው መሄድን ልማድ አድርገውታል። ሻንጣ ጎትቶ፣ ወደ ኋላ እየተመለከተ የአገሩን አውሮፕላን ማረፊያ ያቋረጠ ሰው ሁሉ ይህ ምን ማለት እንደ ሆነ ያውቃል።

ጥያቄ፦ በቴል አቪቭ በዲዘንጎፍ አደባባይ ያለው ፏፏቴም የዚህ ጥበብ አካል ነው? ልጆቼ ሁልጊዜ እዚያ መሄድ ይፈልጋሉ።

መልስ፦ አዎን፣ በሚገባ። የሠራው ከላይ የጠቀስነው ያኮቭ አጋም ነው፤ በ1955ቱ የፓሪስ ዐውደ ርእይ ከቀረቡት አንዱ ነበር። ፏፏቴው በ1986 የተመረቀ ሲሆን፣ የሚዞሩ ባለ ቀለም ቀለበቶችን ከውሃ፣ ከእሳትና ከሙዚቃ ጋር አጣምሮ የተዘጋጀ ነው። አደባባዩ ከመንገዱ በላይ ከፍ ብሎ ከተሠራበት እንደ ገና ወደ መንገዱ ወለል ሲወርድ ፏፏቴው ለጊዜው ተነሥቶ የነበረ ሲሆን፣ እድሳቱ በ2018 ሲጠናቀቅ ወደ ቦታው ተመልሷል። ልጆችዎን ሲወስዱ ከአንድ ቦታ እንዳያዩት፣ ዙሪያውን እንዲዞሩት ያድርጉ፤ የቀለበቶቹ ቀለም በየማዕዘኑ ይለዋወጣል።

ጥያቄ፦ የምኖረው በስዊዘርላንድ ነው። በአንድ ሙዚየም ውስጥ የቀራጺውን የዣን ቲንግሊን ማሽን ለማየት ሄጄ ቆሞ አገኘሁት፤ ቁልፉን ብጫን እንኳ ለደቂቃዎች አልተነሣም። በብልሽት የቆመ ማሽን ለሰው ማሳየት ተገቢ ነው?

መልስ፦ ቅሬታዎ ይገባኛል፤ የቆመ ኪነቲክ ሥራ ጽሑፉ ሳይነበብ ሽፋኑ ብቻ እንደሚታይ መጽሐፍ ነው። ያገኙት ግን ብልሽት ላይሆን ይችላል። ብዙ ሙዚየሞች ማሽኖቹን በየተወሰነ ጊዜ ልዩነት ብቻ እንዲሠሩ ያደርጓቸዋል፤ አንዱ ተመልካች ጭኖ ካስነሣው በኋላ ማሽኑ የሚያርፍበት ጊዜ አለው፣ በዚያ መካከል ቁልፉን ቢጫኑት አይመልስም። ጥቂት ቢጠብቁ ኖሮ ይነሣ ነበር ብዬ እገምታለሁ።

ከዚህ ሥር ግን አስቸጋሪ ጥያቄ አለ። አንድ የቀለም ቅብ ሥራ ሲያረጅ ቫርኒሹ ይቢጫል፣ ሥዕሉ ግን ይኖራል። የሚንቀሳቀስ ሥራ ግን በሠራ ቁጥር ይበላል፦ ቀበቶው ይላላል፣ ኩሽኔታው ይፈጫል፣ የሞተሩ ሽቦ ይቃጠላል፣ የዚያ ዘመን አምፖል ከገበያ ይጠፋል። ጠጋኙ ሁልጊዜ ከሁለት አንዱን ይመርጣል፤ ወይ የመጀመሪያውን ዕቃ ጠብቆ እንቅስቃሴውን ማጣት፣ ወይም ዕቃውን እየለወጡ እንቅስቃሴውን ማቆየት። የጋቦ ዘንግም በለንደን በቴት ሙዚየም ያለው በ1985 የተሠራ ቅጂ ነው። እኔ የምደግፈው ሁለተኛውን መንገድ ነው፤ ምክንያቱም በእነዚህ ሥራዎች ውስጥ «ኦሪጅናሉ» ብረቱ ሳይሆን እንቅስቃሴው ነውና።

ቲንግሊ ራሱ በዚህ ጉዳይ የሄደበት ርቀት የሚገርም ነው። መጋቢት 17 ቀን 1960 በኒው ዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ግቢ ውስጥ፣ ከብስክሌት ጎማዎች፣ ከአሮጌ ሞተሮች፣ ከፒያኖና ከመታጠቢያ ገንዳ ገጣጥሞ፣ ነጭ ቀለም የቀባውን፣ 8 ሜትር ያህል ከፍታ ያለውን ማሽን አቆመ። ቢሊ ክሉቨር የተባለው መሐንዲስ ረድቶታል። ማሽኑ የተሠራው ራሱን እንዲያጠፋ ነበር፤ 27 ደቂቃ ያህል ሲንኳኳ፣ ሲጨስና ሲነድ ቆይቶ፣ በመጨረሻ የእሳት አደጋ ሠራተኛ ጣልቃ ገብቶ አጠፋው። ከእርሱ የተረፉት ጥቂት ስብርባሪዎች ናቸው።

ባዝል ከተማ ሩቅዎ ካልሆነ ወደ አሮጌው ቴአትር ቤት ቦታ ይሂዱ። ቲንግሊ ከፈረሰው ቴአትር ቤት ዕቃዎች ጭምር የሠራቸው የብረት ፍጡራን ከ1977 ጀምሮ ጥልቀት በሌለው ገንዳ ውስጥ ውሃ ሲዝቁ፣ ሲረጩና ሲያጥቡ ይውላሉ። በብርቱ ክረምት ውሃው በላያቸው ላይ ሲረጋ በበረዶ ተሸፍነው ሌላ ቅርጽ ይይዛሉ። እዚያ የሚጫኑት ቁልፍ የለም።

ጥያቄ፦ በአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የሥነ ጥበብ መምህርት ነኝ። ከተማሪዎቼ ጋር በካርቶንና በሽቦ ሞባይል ለመሥራት ሞክረን ሁልጊዜ ወደ አንድ ወገን ያጋድልብናል። ስህተታችን ምን ላይ ነው? (ከደሴ)

መልስ፦ ምናልባት ከላይ ጀምራችሁ ወደ ታች ስለ ሠራችሁ ይሆናል። ሞባይል የሚሠራው ከታች ወደ ላይ ነው፤ ካልደርም አብዛኛውን ጊዜ ከትንሹ ጀምሮ ወደ ላይ እንደሚወጣ ተናግሯል። እያንዳንዱ ሽቦ የገበያ ሚዛን ነው ብላችሁ አስቡት፦ ሁለት ጫፎች አሉት፣ በመካከላቸው አንድ መንጠልጠያ፣ የላይኛው ሽቦ ደግሞ የታችኛውን ሚዛን በሙሉ እንደ አንድ ዕቃ ይሸከማል።

ክብደታቸው እኩል የሆኑ አራት የካርቶን ቅጠሎች ቁረጡ። በመጀመሪያ ሁለቱን በ20 ሳንቲ ሜትር ሽቦ ጫፎች ላይ ስቀሉ፤ ሚዛኑ መካከሉ ላይ፣ 10 ሳንቲ ሜትሩ ላይ ይሆናል። ቀጥሎ 30 ሳንቲ ሜትር ሽቦ ወስዳችሁ በአንዱ ጫፍ ያንን የሁለት ቅጠል ሚዛን፣ በሌላው አንድ ቅጠል ስቀሉ። አሁን መንጠልጠያው ከከባዱ ወገን 10፣ ከቀላሉ ወገን 20 ሳንቲ ሜትር ላይ ይሆናል፤ ሁለት በአሥር ሲባዛና አንድ በሃያ ሲባዛ እኩል ነውና። በሦስተኛው ባለ 40 ሳንቲ ሜትር ሽቦ ላይ ሦስቱ ቅጠሎች በአንድ ወገን፣ የመጨረሻው በሌላው ወገን ሲሆኑ 10 እና 30 ይደርሳችኋል። ይህ ስሌት የሽቦውን ክብደት አይቆጥርም፤ ስለዚህ ትክክለኛው ነጥብ ከስሌቱ ወደ ሽቦው መካከል ትንሽ ጠጋ ይላል። ልጆቹ ሽቦውን በጣታቸው ላይ አድርገው ወዲህና ወዲያ እያንሸራተቱ ራሳቸው ያግኙት፤ ካገኙት በኋላ በፒንሳ ትንሽ ቀለበት አድርጋችሁ እጠፉት።

ማጋደሉን በተመለከተ አንድ ተጨማሪ ነገር አለ። ሽቦው ፍጹም ቀጥ ያለ ከሆነ፣ ወይም ጫፎቹ ወደ ላይ ካጎነበሱ፣ ሚዛኑ በትንሽ ንክኪ ወድቆ አይመለስም። ሽቦውን እንደ ቀስት ትንሽ አጉብጡትና ሁለቱ ጫፎች ከመንጠልጠያው ዝቅ ብለው እንዲወርዱ አድርጉ፤ እንዲህ ሲሆን ቢነካም ተወዛውዞ ወደ ቦታው ይመለሳል።

ስትሰቅሉት ክሩ ነጠላና ቀጭን ይሁን፣ ቦታው ደግሞ በበርና በመስኮት መካከል፣ ከልጆቹ እጅ በላይ ይሁን። በመጀመሪያው ቀን እፍ እንዳይሉበት ንገሯቸውና ሁላችሁም ዝም ብላችሁ ተቀመጡ፤ አንድ ልጅ ዘግይቶ በሩን ከፍቶ ሲገባ ቅጠሎቹ ማን እንደ መጣ ለማየት እንደ ዞሩ ሁሉ ቀስ ብለው ይዞራሉ።